በሻይ የተዘፈዘፈው ዘቢብ

የሥራ ዘመኔን በሰላም ያስፈጸመኝን አምላክ አመስግኜ ስለ አንድ ዳቦ ልጽፍ ነው። ትምህርቱን በቤተ ክርስቲያን ጉባኤ የጀመረ ሰው በስተርጅናው ስለ ዳቦ መጻፉ ለአንዳንዱ አንባቢ ትንሽ ነገር መስሎ ይታየው ይሆናል። እኔ ግን ባለፈው ወር የመጨረሻውን የሥራ ሰዓት ቅጽ፣ ታይም ሺቱን፣ ፈርሜ ካስረከብሁ ወዲህ ያሳለፍኋቸውን ሥራዎች አንድ በአንድ ሳስታውስ፣ አእምሮዬ ሁልጊዜ ሄዶ የሚቆመው በዚያ ዳቦ ላይ ነው።

ወደ ሲያትል እንደ መጣሁ የተቀጠርሁት ሲታክ፣ ከአውሮፕላን ማረፊያው አጠገብ በሚገኝ የመኪና ማቆሚያ ነበር። በመስታወት ዳስ ውስጥ ተቀምጬ ቲኬት እቀበላለሁ። መኪና በቀረበ ቁጥር ከመቀመጫዬ ተነሥቼ እጅ ስነሣ ያየኝ አለቃዬ አንድ ቀን ጠራኝና፣ «አባባ፣ እዚህ ቲኬት ብቻ ነው የሚቀበሉት፤ በየሰዉ ፊት ከተነሡማ እስከ ማታ ወገብዎ ይቆረጣል» አለኝ። ምክሩ ትክክል ነበር፤ ነገር ግን ተቀምጦ ሰላምታ መስጠትን ለመልመድ አንድ ዓመት ያህል ፈጀብኝ።

ከዚያ ወደ አንድ ሆቴል የልብስ ማጠቢያ ተዛወርሁ። የክፍሉ ኃላፊ አጭር ቬትናማዊት ሴት ነበረች። ዙሪያው በላስቲክ የተሰበሰበውን አንሶላ አራት ማዕዘኑ እንደ ተጠረዘ መጽሐፍ እስኪገጥም ድረስ ስታጣጥፈው ባየሁ ጊዜ ነገሩ በጣም አስደነቀኝ። «እንዴት ነው?» ብዬ ብጠይቃት በእንግሊዝኛ ማስረዳት ስላልቻለች እጄን በእጇ ላይ አስቀመጠችውና አብረን አጠፍን። የእጅ ሥራ በቃል ብቻ እንደማይተላለፍ ቀድሞም በተማርሁበት ቤት አውቀው ነበር፤ እዚያ በድጋሚ አረጋገጥሁ።

ጉልበቴ መቆምን እምቢ ሲለኝ ልጄ የቤት ለቤት ተንከባካቢነት ሥልጠና አስመዘገበችኝ። በሽተኛን ማንሣት፣ ጓንት ማውለቅ፣ ቅጽ መሙላት ተማርሁ። ደመወዙ የቤት ኪራዬን ይሸፍን ስለ ነበር ስለ እርሱ ከዚህ በላይ የምለው የለኝም። ቢሮው ቱክዊላ ነው፤ ሥራ የምትመድበንም ሰናይት የምትባል ፈጣን ልጅ ነበረች። አንድ ቀን አስጠራችኝ።

«መሪጌታ፣ ሶ፣ አዲስ ክላየንት አለችኝ። ዴ ሞይን ናት፤ ባሕሩን የሚያይ ቤት። እስካሁን ሦስት ሰው ሪጄክት አድርጋለች።»

«ምን አድርገዋት ነው?»

«ምንም። ወጥ ቤቷ ገብተው ዕቃ ነኩባት። እጇ አይሠራም፣ ዓይኗም ደክሟል፤ ግን ሰው ሲነካባት አትወድም። ኦኬ፣ እውነቱን ልንገርዎት? እርስዎን የመረጥኩዎት ዝም ስለሚሉ ነው።»

«ዝም የምለው እንግሊዝኛው ስለማይመጣልኝ ነው እኮ፣ ልጄ።»

«እሷ ያንን በምን ታውቃለች!» ብላ ሳቀች፤ ወረቀቱንም አስፈረመችኝ።

ሴትዮዋ ወይዘሮ ግዌን ይባላሉ። ሰማንያ ስምንት ዓመታቸው ነበር። የተወለዱት ከእንግሊዝ በስተ ምዕራብ በምትገኘው፣ ተራራ በሚበዛባት በዌልስ ነው፤ ባለቤታቸው ሞተውባቸው ብቻቸውን ይኖሩ ነበር። ቁርጥማት ጣቶቻቸውን አጣምሞ ማንኪያ እንኳ በሁለት እጅ ነው የሚይዙት። ዓይናቸው ብርሃንና ጥላን ይለያል እንጂ የሰው መልክ አይለይም። ጆሯቸው ግን የሚያስደንቅ ነበር። እኔ ሻይ ስጥድ እርሳቸው ወንበራቸው ላይ ሆነው፣ «አሁን ሊፈላ ነው… አሁን ፈላ… አውርደው፣ አለቀ!» ይሉኛል። ዞር ብዬ ሳየው እውነትም በዚያች ቅጽበት ፈልቷል።

በመጀመሪያው ቀን እሳት ከመለኮሴ በፊት አማተብሁ። እጄ በፊታቸው ሲንቀሳቀስ ጥላውን አይተው ኖሮ፣ «ምን እያደረግህ ነው?» አሉኝ። አስረዳኋቸው። እርሳቸውም፣ «እናቴ ሊጥ ላይ በቢላዋ መስቀል ትሠራ ነበር። በል ለኩሰው» አሉኝ። ከወጥ ቤቱ ሳልባረር የቀረሁት በዚህ ይመስለኛል።

ሁለት ወር ካለፈ በኋላ አንድ ቀን ስደርስ ስልኩን ታቅፈው አገኘኋቸው። ካሊፎርኒያ የሚኖረው አንድያ ልጃቸው ኦወን ደውሎ ነበር። በሁለት ሳምንት ውስጥ ይመጣል። ከዚያ ቀደም ሁለት ጊዜ ምድጃ ሳያጠፉ ተኝተዋል፤ አንድ ጊዜም እርሱን በሟች አባቱ ስም ጠርተውታል። ስለዚህ አእምሯቸው እየከዳቸው ነው ብሎ ሠግቷል፤ መጥቶ ካየ በኋላ ወደ አረጋውያን ማቆያ ሊያስገባቸው አስቧል።

«ሊፈትነኝ ነው የሚመጣው» አሉኝ። «ብወድቅ ቤቱ ይሸጣል፤ እኔም ውኃ እንኳ ማፍላት ወደማይፈቀድልኝ ቦታ እሄዳለሁ። አልወድቅም። ከልጅነቱ ጀምሮ በልደቱ ቀን የምጋግርለት ዳቦ አለ፤ ባራ ብሪስ ይባላል። ያንን ዳቦ ጠረጴዛው ላይ ሲያገኘው እናቱ ያው እናቱ መሆኗን ያውቃል። አንተ እጄ ትሆናለህ፤ የቀረው ከእኔ ነው።»

ወቅቱ ዐቢይ ጾም ነበር። በዳቦው እንቁላል እንደሚገባ ስሰማ፣ «ልጋግረው እችላለሁ፤ መቅመስ ግን አይሆንልኝም» አልኋቸው።

«ያልቀመስኸውን እንዴት ትጋግራለህ?»

«በልጅነቴም የጋገርሁት ሳልቀምስ ነው» አልሁና ታሪኩን በተሰባበረ እንግሊዝኛዬ ነገርኋቸው። በዲቁና ሳገለግል፣ ለቅዳሴ የሚቀርበው ኅብስት በሚዘጋጅበት በቤተ ልሔም ተመድቤ ነበር። እዚያ የሚጋግር ሰው ጾመኛ ነው፤ ቀምሶ ማየት የለም፤ ወሬም የለም። መብሰሉ የሚታወቀው በመዓዛውና ሲነኩት በሚሰጠው ድምፅ ነው።

ወይዘሮ ግዌን ከወንበራቸው ቀና አሉ። «በድምፁ? ምን ዓይነት ድምፅ?» ጠረጴዛውን በጣቴ መትቼ ላሳያቸው ሞከርሁ። እርሳቸውም በጣታቸው አንጓ መትተው፣ «አይደለም፣ እንዲህ ነው» አሉ። እንደዚህ ስንከራከር የምሳ ሰዓት አለፈ። ከዚያን ቀን ጀምሮ ሦስቱን የቀደሙ ተንከባካቢዎች ለምን እንዳባረሯቸው አልጠየቅሁም፤ እኔን ለምን እንዳቆዩኝም ገባኝ።

ልጃቸው ሊመጣ ሦስት ቀን ሲቀረው፣ ማክሰኞ ከሰዓት በኋላ ሥራ ጀመርን። ጠንካራ ሻይ አፈላሁ። ትልቁን ዘቢብ፣ ትንሹን ጥቁር ዘቢብና በስኳር የደረቀውን የብርቱካን ልጣጭ በሸክላ ሳህን አድርጌ፣ ቡናማ ስኳር ነስንሼ ሻዩን በትኩሱ አፈሰስሁበት።

«ለምን ሻይ ሆነ?» አልሁ።

«እናቴ ማንቆርቆሪያው ውስጥ የተረፈ ሻይ መድፋት አትወድም ነበር። ሌላ ምሥጢር የለውም።»

«ለምን እስከ ነገ?»

«ጠዋት አንዱን አንሥተህ በጣትህ ጫን በለው። የወይን ፍሬ መስሎ ካላገኘኸው ገና ነው።»

ሳህኑን በንጹሕ ጨርቅ ሸፍኜ ወደ ቤቴ ሄድሁ።

በማግሥቱ ስደርስ የቁርጥማት መድኃኒታቸው አስተኝቷቸው ነበር። ሥራውን ላቀልላቸው አሰብሁ። እጄን ታጥቤ ጨርቁን ገለጥሁ። ዘቢቡ ሻዩን ጠጥቶ አብጧል፤ የወይን ፍሬ መስሏል። እንግዲህ ስሕተቴ እዚህ ላይ ነው። በቤተ ክርስቲያናችን ለቍርባን የሚሆነው ወይን የሚዘጋጀው ከዘቢብ ነው፤ ዘቢቡ ታጥቦ በውኃ ይዘፈዘፋል፣ ሲርስም ታሽቶ ይጨመቅና ይጠለላል። ከአሥራ ሁለት ዓመቴ ጀምሮ ስንትና ስንት ጊዜ ያደረግሁት ሥራ ነው። ዘቢብ ያለበት ዳቦ በሱቅ መስኮት ሳላይ ቀርቼ አይደለም። ነገር ግን ተዘፍዝፎ ያደረ ዘቢብ ፊቴ ሲቀርብ እጄ የሚያውቀው አንድ ተግባር ብቻ ነበር፤ ያንኑ አደረገ። በጨርቅ ቋጥሬ አሸሁት፣ ጨመቅሁት፣ ጠለልሁት። ጥቁር፣ ጣፋጭ ሽታ ያለው ጭማቂ ሳህኑን ሞላው። እንዲህ ጥሩ ወይን ወጥቶልኝ አያውቅም ብዬ በልቤ ደስ አለኝ። የቀረውንም የዘቢብ ልጣጭ ከብርቱካኑ ጋር ወስጄ ከጓሮው ጽጌረዳ ሥር ቀበርሁት፤ የተጨመቀ ዘቢብ እግር በሚረግጠው ቦታ እንዳይጣል ያስተማሩኝ መምህሬ አሁን ድረስ ከኋላዬ የቆሙ ይመስለኛልና።

ወይዘሮ ግዌን ነቅተው ወንበራቸው ላይ ሲቀመጡ በጭማቂው ላይ ዱቄቱን፣ ቅመሙንና እንቁላሉን በትእዛዛቸው እየጨመርሁ ማማሰል ጀመርሁ። ቀጠነብኝና ዱቄት አከልሁ። እርሳቸው አንገታቸውን ዘንበል አድርገው ያዳምጡ ነበር።

«ማንኪያው ቀለለኝ» አሉ።

«ደኅና ነው።»

«ይቀላል እልሃለሁ። የነገርሁህ ሁሉ ገብቷል?»

«ሁሉም ገብቷል» አልሁ፤ በሙሉ ልቤ አምኜ።

ከዚያ ለራሳቸው ይመስል ዝቅ ባለ ድምፅ፣ «እንግዲያው ጆሮዬም ዓይኔን ተከተለ ማለት ነው» አሉ። ሰምቻቸዋለሁ። ነገር ግን ሥራዬ አምሮልኝ ነበርና ማንኪያዬን አላቆምሁም። በሥራ ዘመኔ ብዙ ተሳስቻለሁ፤ ሰው በሰማው ነገር እንዲጠራጠር ያደረግሁባት ያቺ ደቂቃ ግን ከሁሉ ትከብደኛለች።

በዝግተኛ እሳት ከአንድ ሰዓት በላይ ኦቨን ውስጥ ቆየ። ቀጭን እንጨት ወጋሁበት፤ ንጹሕ ወጣ። ሥሩን በአንጓዬ መታሁ፤ ጥሩ ድምፅ ሰጠ። ሲበርድ በወረቀትና በጨርቅ ጠቅልለን ሁለት ቀን አቆየነው። ዳቦው ሳይቆረጥ ሁለት ቀን የሚያድረው ለምን እንደ ሆነ ብጠይቃቸው በዚያ ቀን መልስ አልሰጡኝም። ጥያቄ የሚወዱት ሴት እንደ ተከፉ ያወቅሁት በዚህ ነው።

ኦወን መጣ። ጸጉሩ የሸበተ፣ ረጋ ብሎ የሚናገር ሰው ነው። እናቱን አቅፎ ሳመ፤ እኔንም በሁለት እጁ ጨበጠኝ። ሻይ ቀረበ። ወይዘሮ ግዌን ቀጥ ብለው ተቀምጠው፣ «ቁረጥ» አሉኝ።

ቢላዋው ምንም ሳያደናቅፈው አለፈ። ቁራሹ ከጫፍ እስከ ጫፍ አንድ ዓይነት፣ ጥቁር ቡናማ ነበር። ኦወን ሳህኑን ወደ ራሱ ሳበና ረዘም ላለ ጊዜ ተመለከተው።

«እማማ፣ ዘቢቡስ?»

«እዚያው ነዋ።»

«የለም። ባራ ብሪስ እኮ ዝንጉርጉር ዳቦ ማለት ነው። ይኸኛው ምንም የለበትም።»

እናቱ እጃቸውን ሰደዱና በተጣመመ ጣታቸው የቁራሹን ፊት ዳሰሱት። እንደ ገና ዳሰሱት። «ረስቼው ነው?» አሉ።

«ግድ የለም፣ እማማ። ሽታው ራሱ ደስ ይላል» አለ ኦወን፤ እጃቸውንም ያዘ። ቢቆጣ ኖሮ ይሻል ነበር። በዚያ ለስላሳ አነጋገሩ ውስጥ ቤቱ እንደ ተሸጠ ገባኝ።

እኔም ገና በዚያች ሰዓት ምን እንዳደረግሁ ተረዳሁ። መናገር ነበረብኝ። ነገር ግን ስለ እንግሊዝኛዬ ፈራሁ፤ ስለ ሥራዬም ፈራሁ። አንድ አቡነ ዘበሰማያት የሚደገምበትን ያህል ጊዜ ቢላዋውን እንደ ያዝሁ ቆየሁ። ከዚያ በኋላ፣ «እሳቸው አልረሱም። ጥፋቱ የእኔ ነው። ዘቢቡን ጨምቄ አስወገድሁት» አልሁ።

ኦወን ወደ እኔ ዞረ። ፊቱ ላይ ቁጣ አልነበረም። «ደግ ሰው ነዎት» አለኝ። «እሷን ለመሸፈን ብለው እንደ ሆነ ይገባኛል። ግን አያስፈልግም።»

«እውነቴን ነው! በእጄ ጨመቅሁት።»

«ጌታዬ፣ ዘቢብ ጨምቆ የሚጥል ሰው በምድር ላይ አለ?»

ከመሶብ እንጀራ ነጥቆ እንደሚሮጥ ሕፃን ከመሳቢያው ማንኪያ ነጥቄ ወደ ጓሮ ወጣሁ። ከጽጌረዳው ሥር ተንበርክኬ አፈሩን ጫርሁ። ልጣጩ ከነብርቱካኑ እዚያው ነበር፤ አፈር ለብሶ። በሳህን አድርጌ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጥሁላቸው፤ ቤተ ክርስቲያን ያስተማረችኝንም፣ እጄ ያደረገውንም ባለኝ ቋንቋ ሁሉ ተናገርሁ።

ወይዘሮ ግዌን ልጣጩን በጣታቸው ነኩ። ከዚያ ጠረጴዛውን በጡጫቸው መቱት።

«ጆሮዬ ልክ ነበር! ማንኪያው ቀሏል ብዬህ ነበር!»

«ብለውኛል።»

«ሁለት ጊዜ ነው ያልሁህ!»

«ሁለት ጊዜ።»

«አየህ፣ ኦወን? ይህ ሰው ወይን ጠምቆ ለዱቄት አጠጥቶልኛል!» ሳቁ ከውስጣቸው ፈንቅሎ ወጣ። ወዲያው ግን እንደ መምህር ቀጥ ብለው ይመረምሩኝ ጀመር። ለቤተ ክርስቲያን ሲዘፈዘፍ ውኃው ቀዝቃዛ ነው ወይስ ሙቅ? ስንት ሰዓት ይቆያል? የእኔ ሻይ ከዚያ ፈጠነ ወይስ ዘገየ? ስትጨምቀው ልጣጩ እጅህ ላይ ቀረ ወይስ ሟሟ? ዱቄት ያከልኸው በየትኛው ኩባያ ነው? ስኳሩ አብሮ መጨመቁን አሰብህበት? ከማክሰኞ ከሰዓት በኋላ ጀምሮ ያዘዙኝንና ያልሁትን ሁሉ፣ ቃል ሳያጎድሉ በየተራው ጠቀሱልኝ። በመካከሉ ኦወንን አየሁት። ሻዩን ረስቶ እናቱን ይመለከት ነበር።

«ይቅር ይበሉኝ» አልሁ በመጨረሻ።

«ገና ነው» አሉ፤ ሳቃቸው ጠፋ። «ዳቦ መበላሸቱ ምንም አይደለም። ሁለት ቀን ሙሉ ጆሮዬ እንደ ሞተ አምኜ አደርሁ። ያንን ያደረግኸው አንተ ነህ። ሌላ እንጋግርና እናያለን።»

ኦወን የመመለሻ በረራውን አራዘመ። በዚያው ዕለት ሦስታችን ዘቢቡን በሻይ አደረግነው። በማግሥቱ እኔ ሳማስል እርሱ በር ላይ ቆሞ ይመለከት ነበር፤ እናቱም ወንበራቸው ላይ ሆነው፣ «ዝቅ አድርገው… ከሥሩ አምጣው… አዎ፣ አሁን ከበደ!» ይላሉ። የኦቨኑን እሳት ከፍ አድርጌ ስለኩሰው የጋዙ ነፋስ በዛ ብለው በድምፁ ብቻ አስተካከሉኝ። ኦወን ሄዶ የሙቀቱን ቁጥር አየ፤ እናቱ ልክ ነበሩ።

ከተጋገረ በሁለተኛው ቀን ስቆርጠው ቢላዋው በየፍሬው ላይ እየነጠረ ወረደ። ቁራሹ ዝንጉርጉር ነበር። ቅቤ ቀብቼ አቀረብሁላቸው። ኦወን ለእኔም አንድ ቁራሽ ሊሰጠኝ እጁን ሲዘረጋ እናቱ፣ «ተወው፣ ጾመኛ ነው። እርሱ ሰምቶታል» አሉት። ከዚያ ወደ እኔ ዞር ብለው፣ «ይኸውልህ፣ ሁለት ቀን የምናሳድረው ሻዩ ከፍሬው ወጥቶ ወደ ዳቦው እስኪሄድ ነው። ባለፈው ጠይቀኸኝ አልመለስሁልህም» አሉ። ይቅርታቸውን ያገኘሁት በዚህ መልክ ነው።

ኦወን በሚሄድበት ጠዋት ቦርሳውን መኪናው ውስጥ ካስገባ በኋላ በር ላይ ጠራኝ። ማቆያ ቤቱ የላከለት ቅጽ በእጁ ነበር፤ ለሁለት አጥፎ ኪሱ ከተተው።

«በሳምንት ስንት ቀን ነው የሚመጡት?»

«አራት ቀን።»

«ስድስት ቀን መምጣት ይችላሉ?»

«እሑድ አልችልም። ቅዳሜ ግን ከቅዳሴ በኋላ እመጣለሁ።»

ከወጥ ቤቱ የወይዘሮ ግዌን ድምፅ ተሰማ። «ልትነግሩኝ ነው ወይስ ብቻችሁን ልትወስኑ?»

ኦወን ሳቀ፤ ተመልሶ ገብቶም ጠየቃቸው። እርሳቸውም የሚጋገረውን የሚወስኑት እርሳቸው እንደ ሆኑ ካስታወቁ በኋላ ተስማሙ። ከዚያ ቀን በኋላ በዚያ ቤት ሦስት ዓመት ተቀመጡ፤ ያረፉትም በራሳቸው አልጋ ላይ ነው።